እንቁራሪቶቹ ዝም ያሉበት መስመር

እኔ እንዲህ ያለ ነገር የሚያወራ ሰው ሳይ ቀድሜ የምስቅ ነበርኩ፣ ባለቤቴ ትመስክር፣ ሥራዬም በእጅ የተጻፈ ወረቀት በኮምፒውተር መጻፍ ነው፣ ሌላ ጣጣ የለኝም።

ጋሽ ማቲዎስን ያወቅኳቸው በዚሁ ሥራ ነው። ዩኒቨርሲቲ ኮምፒውተር ሲያስተምሩ ኖረው ጡረታ ወጥተው፣ ኮምፒውተር የሚሠራውን ስሌት ተፈጥሮም እንደምትሠራው የሚያስረዳ መጽሐፍ ይጽፉ ነበር። ምሳሌያቸው የሐይቃችን እንቁራሪቶች ናቸው፣ እያንዳንዷ ግራና ቀኟን ብቻ ሰምታ ትጮኻለች ወይ ዝም ትላለች፣ ከዚያች ትንሽ ሕግ ግን ሐይቁ በሙሉ ያሰላል ይሉ ነበር። ቅዳሜ ቅዳሜ ሐይቅ ዳር ድንጋይ ላይ ተቀምጠን የጻፍኩትን ጮክ ብዬ አነባለሁ፣ እሳቸው በደብተራቸው ይከተላሉ፣ ስሳሳት በእስክሪብቷቸው ድንጋዩን መታ ያደርጋሉ። "እኔ ከተሳሳትኩ ደግሞ" ይሉኝ ነበር እየሳቁ፣ ወደ እንቁራሪቶቹ እየጠቆሙ፣ "እነሱ ያርሙኛል።" እነዚያ ቅዳሜዎች እንዴት እንደሚናፍቁኝ ልነግራችሁ አልችልም።

አምና አረፉ። የመጨረሻውን ምዕራፍ ብቻዬን ጻፍኩ፣ ባለቤታቸው እትዬ መሠረት ግን ማተሚያ ቤት ከመግባቱ በፊት እንደ ልማዳችን እዚያው ሐይቅ ዳር እንዳነብበው ለመኑኝ፣ እምቢ ማለት አልሆነልኝም።

አመሻሽ ላይ ሄድኩ። እንቁራሪቶቹ ጆሮ ያደነቁራሉ፣ እኔም አነባለሁ። የጩኸታቸውን ቅደም ተከተል የያዘው መስመር ላይ ደርሼ "ሦስት፣ አንድ፣ ሁለት" ስል፣ እመኑኝ፣ ሁሉም በአንዴ ጸጥ አሉ። ቆይተው ሦስቴ ጮኹ፣ ዝም፣ ሁለቴ፣ ዝም፣ አንዴ። ደገምኩት፣ ደገሙት። ደብተሩን ብገልጥ በጋሽ ማቲዎስ እጅ "ሦስት፣ ሁለት፣ አንድ" ይላል፣ የተሳሳትኩት እኔ ነኝ፣ እንደዚያ ታትሞ ቢወጣ የሰውዬው የዕድሜ ልክ ድካም መሳቂያ ይሆን ነበር። እዚያው ድንጋዩ ላይ አረምኩ፣ እውነቱን ለመናገር ደስም አለኝ፣ እንደ ድሮው ሁለት ሆነን የተቀመጥን መሰለኝ።

ቀጠልኩ። የመጽሐፉ የመጨረሻ ዓረፍተ ነገር "ሐይቁ ያሰላል፣ ማንንም ግን አያውቅም" ይላል። እሱን ሳነብ እንደገና ጸጥ አሉ። ከደብተሩ ጋር ፊደል በፊደል አመሳከርኩ፣ ልዩነት የለም፣ ስህተት ካለ የጋሽ ማቲዎስ ነው ማለት ነው። ትክክሉን እስኪነግሩኝ ጠበቅኩ፣ ጨለመ፣ አንዲት እንኳ አልጮኸችም።

ለእትዬ መሠረት ነገርኳቸው። ደብተሩን ጭናቸው ላይ አድርገው የመጨረሻዋን መስመር በጣታቸው እየተከተሉ "ተሳስቶ ቢሆን ደስ ባለኝ" አሉ።

ማተሚያ ቤቱ ሰኞ ይጠብቀኛል፣ ዓረፍተ ነገሩን ልተወው ወይስ ላውጣው አልወሰንኩም። ሐይቁ እሳቸውን የሚያውቅ ከሆነ እኔንም ያውቀኛል ማለት ነው፣ ከዚያ ቀን ወዲህ በዚያ ሳልፍ ድምፄን ዝቅ አደርጋለሁ።