ማሳው መሐል የቆመው በሬ

የቅኔ መምህሩ የኔታ ሙላቴ ጎጆአቸው ውስጥ ሞተው ተገኙ፤ ጭንቅላታቸው የመደቡን ድንጋይ መትቶ ነበር። ማታ ከእሳቸው ዘንድ ሲወጣ የታየው ተማሪያቸው ደሳለኝ ነውና፣ የደብረ ታቦር የጣልያን ሹም ሌላ ሰው ሳይጠይቅ አሰረው። በገበያ ቀን ይሰቀላል ተባለ። አገሩ ስቅላት ለምዷል፤ እንባም እኮ ያልቃል። የጮኸ ሰው አልነበረም።

አገሬውን ሰብስበው ወንጀለኛ የሚያወጡት የአጥቢያው የአውጫጪኝ ዳኛ ግራዝማች ወርቁ ግን የቸኮለ ፍርድ አይወዱም። ሌላው ተማሪ ሞላ በቀብሩ ላይ ስለ አንድ በሬ የተቀኘውን ሰምተው በቀጥታ ወደ እስር ቤቱ ሄዱ።

«ያን ማታ ለየኔታ ምን ነገርካቸው?»

«ቅኔዬን» አለ ደሳለኝ፣ ዓይኑን ከግድግዳው ሳይነቅል። «‹ሁሉ የሚደጋግመውን አንበሳና ወርቅ ተው፣ ከቤትህ አምጣ› ይሉኝ ነበር። አባቴ የሞቱ ሰሞን በሬያችን ማሳው መሐል እየቆመ አልነቃነቅ ይል ነበር። ስለ እሱ ቅኔ ቆጠርኩ። ‹ይኸ ያንተ ድምፅ ነው፣ እሑድ ትቀኘዋለህ› አሉኝ።»

«ከእሳቸው ሌላ ማን ሰማ?»

«ማንም።»

ግራዝማች ሹሙን ለምነው በማግስቱ አገሬውን ቤተ ክርስቲያኑ ግቢ ሰበሰቡ። ደሳለኝም እንደታሰረ መጣ።

«ሞላ፣ ያን ማታ የት ነበርክ?»

«ሐሙሲት፣ አክስቴ ዘንድ። የተመለስኩት ለቀብር ነው።»

«የተቀኘኸው ቅኔ የማን ነው?»

«የራሴ ነዋ፣ ግራዝማች።»

«በሬው ማሳው መሐል ለምን ቆመ?»

«ደክሞት» አለ ሞላ።

«አንተስ፣ ደሳለኝ?»

«አባቴ ሲያርሱ የሚያርፉት እዚያ ላይ ነበር። እሳቸውን እየጠበቀ ነው።»

ግራዝማች ወደ ሕዝቡ ዞሩ። «ሞላ ከአንበሳና ከወርቅ ወጥቶ እንደማያውቅ ሁላችሁም ሰምታችኋል። ይህን ቅኔ የሰሙት የኔታ ብቻ ናቸው፤ ሲነጋ ደግሞ ሬሳ ነበሩ። እንግዲህ ሞላ ወይ ከጎጆው ጀርባ አድምጧል፣ ወይ እሳቸው ነግረውታል። በሁለቱም ሐሙሲት አልነበረም። የቅኔው ባለቤት ይሰቀላል፣ ማን ያውቅብኛል ብሎ በቀብር ላይ አወጣው።»

ሞላ መሬት ላይ ተቀመጠ። «አድምጬ ነበር» አለ። «እሱ ሲወጣ ገብቼ ቅኔው የኔ ነው ብዬ ነገርኳቸው። ‹ከነገ ጀምሮ ጉባኤዬን እንዳትረግጥ› አሉኝ። ገፋኋቸው።»

ሹሙም ይህን ሰምቶ ደሳለኝን አስፈታው።

«በል ልጄ፣ አንተም ለመምህርህ ተቀኝላቸው» አሉት ግራዝማች።

«የነበረኝ ያ ቅኔ ብቻ ነው።»

አንዴ የተባለ ቅኔ አይደገምም፤ ይህን የማያውቅ በግቢው አልነበረም። ሰዉ ተበተነ። ደሳለኝ የኔታ ተቀምጠው ቅኔ ይሰሙበት ከነበረው ድንጋይ አጠገብ ቆመ። ና እንሂድ ቢሉት አልነቃነቅ አለ።