አንዴ የተዘረጋው ዕንቁ

በዘንጋር መንግሥት አንድ ቀን ፀሐይ በቀትር ቀላች፤ በማግሥቱ ታላቁ ምንጭ ደረቀ። ጉምራ የሚባለው ባለ ክንፍ ዘንዶ የምንጩን ዕንቁ ሰርቆ ወደ ጥቁሩ ተራራ ወስዶት ነበርና። በአራተኛው ወር ከብቱ አለቀ፤ ከዚያ ተራው የሰው ሆነ።

ጥንታዊው ትንቢት፣ «ዘንዶው ለመጣበት ሁሉ ዕንቁውን አንዴ ይዘረጋል፤ የተቀበለ ይዞት ይሄዳል፣ ያልተቀበለ ድንጋይ ይሆናል» ይላል። ቀላል ይመስላል። ግን በዘንጋር ጨዋ ሰው የሚሰጡትን ሁለት ጊዜ «ይቅርብኝ» ብሎ በሦስተኛው ነው የሚቀበለው። ባንዴ የተቀበለ እጀ ፈጣን ይባላል፤ እጀ ፈጣንን የሚያገባው የለም፣ ሲሞትም ለቅሶ አይደረስለትም። ስለዚህ ሊቃውንቱ ሰባት ቀን መክረው፣ «አንዴ ብቻ የሚሰጥ ባለጌ፣ ዘንዶም ቢሆን አይገኝም፤ ሦስቴ ማለቱ ነው» ብለው ተረጎሙት። ሊቅ ሲሳሳት በማስረጃ ነው።

ሦስት ሰዎች ዘመቱ፦ ሽማግሌው የጦር አለቃ አዝማች ድርጉም፣ የእህቱ ልጅ ናሆር፣ የተራራውን መንገድ የምታውቀው ሰርፀላ። በደረቀው ምንጭ ዳር «ዕንቁውን ሳንይዝ ብንመለስ ምድር አትሸከመን!» ብለው ማሉ። የሰርፀላ እናት እመት አዛለች ከንፈራቸው በጥም ተሰነጣጥቆ መናገር አቅቷቸው ነበር፤ ቢሆንም «ልጄ፣ አደራ፣ እንዳታሰድቢኝ» አሉ። ሰርፀላ የሄደችው እናቷ እንዳይሞቱባት ነው። ሌላ ክብር አልፈለገችም።

የአሸዋውን ባሕር አቋርጠው ከዋሻው ሲደርሱ ጉምራ ዓይኑን ገለጠ፤ ዕንቁውንም በጥፍሩ ይዞ ለአዝማቹ ዘረጋ።

«እንካ።»

አዝማቹ እጅ ነሡ። «ለእኔ ለሽማግሌው ምን ያደርግልኛል? ይቅርብኝ» አሉ። እንዳጎነበሱ ድንጋይ ሆኑ።

ናሆር ፊቱ ዐመድ መሰለ። «ገብቶኛል፣ ሰርፀላ። እኔ ባንዴ እቀበላለሁ» አላት።

«እንካ» አለው ዘንዶው።

የናሆር እጅ እስከ ደረቱ ተነሣች። ከዚያ የአጎቱን የድንጋይ ዓይን አየ። «ይ... ይቅርብኝ» አለ፤ ምን እንዳለ ለራሱም የገባው ካለ በኋላ ነበር። እንባው ጉንጩ ላይ ጠጠር ሆነ።

«እንኪ።»

ሰርፀላ አገሩ ሁሉ ከኋላዋ ቆሞ የሚያያት መሰላት። የእናቷን ከንፈር አሰበች፤ ዓይኗን ጨፍና ዕንቁውን ነጠቀችው። ደስታ አልተሰማትም፣ አፈረች እንጂ። ብቻዋን እያለቀሰች ተመለሰች።

ምንጩ ፈለቀ፣ አገሩ ጠጣ። ከዚያ ንጉሡ ሸንጎ ተቀመጡ።

«ዘንዶው ስንት ጊዜ ለመነሽ?» ሲል ዋናው ዳኛ ጠየቃት። ጢሙ ገና ከውኃው አልደረቀም።

«አንዴ፣ ጌታዬ።»

ሸንጎው አጉረመረመ። እናቷ በነጠላቸው ፊታቸውን ሸፈኑ።

«አዝማች ድርጉምና ናሆር እንደ ጨዋ ሞቱ፤ ሐውልት ይቁምላቸው» ተባለ። ሐውልቱስ ቀድሞ ቆሟል። ሰርፀላ ግን ከምንጩ እንዳትቀዳ፣ ከከተማው በር ውጭ እንድትኖር ተፈረደባት። «ባንዴ መቀበል ትወዳለችና፣ የሚሰጣትም ሰው አንዴ ብቻ ‹እንኪ› ይበላት፤ አይድገም» ተብሎ ዐዋጅ ተነገረ። የተቃወመ አልነበረም፤ እሷም አልተቃወመችም። ሕፃን ሆና በእጀ ፈጣን ላይ ድንጋይ ወርውራ ታውቃለች።

በሦስተኛው ቀን እናቷ ውኃ በቅል ይዘው መጡ። ከንፈራቸው ድኗል። የበሩ ዘበኛና ጎረቤቶቻቸው ቆመው ያያሉ።

«እንኪ፣ ልጄ።»

ሰርፀላ ሁለት ቀን ውኃ አልቀመሰችም። በዘንዶው ፊት ድፍረት ነበራት፤ በእናቷ ፊት ግን ጨዋ ልጅ ሆና መታየት አማራት። እጇ ሳይነሣ አፏ ቀደማት።

«ይቅርብኝ፣ እማዬ። አንቺ ጠጪ።»

እመት አዛለች ደነገጡ። ሁለተኛው «እንኪ» ከጉሮሯቸው ደርሶ ነበር፤ ከንፈራቸው ሲከፈት ሰርፀላ አይታለች። ዘበኛው ጉሮሮውን ጠረገ። እናቲቱም ቅሉን አንዲት ጠብታ ሳያፈሱ ይዘው ወደ ቤታቸው ተመለሱ።