የራዳ የመኪና ቁልፍ

ታፍና የሞተችውን ኦግኒያናን ለፊልሙ ከተሠራው የእንጨት ሳጥን ውስጥ ያወጣት የቀድሞ ባሏ ሚሌን ነበር፤ ካቴናውም የገባው እሱ እጅ ላይ ነው። ተዋናይቷ በሁለት ዓመት ሦስት ፊልም ሠርታለች። ይህን አራተኛውን ስትጨርስ ሙያውን እርግፍ አድርጋ ትታ፣ ከሚሌን ጋር ታርቃ ወደ ቫርና ከተማ ልትሄድ ነበር።

ኢንስፔክተር ዝላታ ፊልሙ የሚቀረጽበት መንደር ስትደርስ ዳይሬክተሩ አሰን መልሱን አሰናድቶ ጠበቃት። ዝላታ ደግሞ የተሰናዳ መልስ አይጥማትም።

«ሰባት ሰዓት ላይ ቀረጻ ጨረስን። እሷ ከሳጥኑ ወጥታ ልብስ ልትቀይር ቀረች። እኔና ራዳ በእኔ መኪና ምሳ ሄድን። ዘጠኝ ሰዓት ስንመለስ ይሄ ሰውዬ ሬሳዋን ታቅፎ ተቀምጧል። ሳጥኑ የሚቀረቀረው ከውጭ ነው፤ ከእሱ ሌላ ማን ነበረ?»

«ተቀርቅሮ ነው ያገኘሁት» አለ ሚሌን። «ማን ሊያምነኝ።»

«ጨርሰን ነበር» አለች ድምፅ ቀራጯ ራዳም፣ ወለሉን እያየች።

ዝላታ ውሃ ልትጠጣ የማዕድ ቤቱን ፍሪጅ ከፈተች። ጠፍቷል፤ እርጎው ሞቋል። ከእርጎው አጠገብ የመኪና ቁልፍ ተቀምጧል። ሦስቱንም ወደ ማዕድ ቤት ጠራቻቸው።

«የማን ነው?»

«የእኔ» አለች ራዳ። «ፍሪጁ ሲያጉረመርም ቀረጻ ውስጥ ስለሚገባ አጠፋዋለሁ። መልሼ ማብራቱን እንዳልረሳ ቁልፌን እዚያው አስቀምጣለሁ። ድምፅ ቀራጭ ሁሉ እንዲህ ነው የሚያደርገው።»

«ቀረጻ ሲያልቅስ?»

«መጀመሪያ እሱን አበራና ቁልፌን...»

«እንግዲህ ስሙኝ» አለች ዝላታ። «ፍሪጁ እስካሁን ጠፍቷል። ስለዚህ ለምሳ ስትወጡ ቀረጻው አላለቀም ነበር። ካላለቀ ደግሞ ልብስ የምትቀይርበት ምክንያት የለም። ከሳጥኑ ወጣች ያለኝ አሰን ብቻ ነው። ራዳ፣ ልጄ፣ ስትወጣ አይተሻል?»

«አላየሁም። ‹መኪና ውስጥ ጠብቂኝ፣ እኔ አወጣታለሁ› አለኝ። ስንመለስ ደግሞ ‹ጨርሰን ነበር በይ፣ አለዚያ አብረን ነው የምንታሰረው› አለኝ።»

አሰን ወንበር ስቦ ተቀመጠ። «እውነተኛ ፍርሃት ነበር የፈለግኩት። ትታኝ ልትሄድ ነው፤ ያንን ፊት ሁለተኛ ከየት አገኘዋለሁ? ግማሽ ሰዓት ብቻ ተቀርቅራ እንድትቆይ አስቤ ነበር። ምሳው ረዘመ።»

ካቴናው ከሚሌን እጅ ወጥቶ አሰን እጅ ገባ። ሚሌን አንጓውን እያሻሸ ወደ ራዳ ዞረ።

«ማይክሮፎኑ ልብሷ ላይ ነበር?»

«ነበር።»

«ተጣርታለች?»

«የጆሮ ማዳመጫዬን ጠረጴዛው ላይ ትቼው ነው የሄድኩት» አለች ራዳ።

ከዚያ ሌላ የምትሠራው ነገር ስላጣች፣ ፍሪጁን አበራችና ቁልፏን አወጣች።