የገረዲቱ ቀሚስ

የፊልም ተዋናይቷ ቫዮላ ሃርትሶክ በልብስ መቀየሪያ ክፍሏ ሶፋ ላይ ሞታ የተገኘችው ትናንት ከሰዓት በኋላ ነው። መርማሪ ኦቲስ ክሬል ዛሬ ጠዋት የፊልም ስቱዲዮዎች ወደሞሉባት ከተማ ፎርት ሊ ሲደርስ የስቱዲዮው ሰዎች ገዳይዋን መርጠው ጠበቁት።

«ኤድና ኩዊል ናት» አለ ዳይሬክተሩ ሉሚስ። «ስምንት ዓመት ገረድ ሆና ስትጫወት ቅናት አንገብግቧታል። ዛሬ ጠዋት ከቫዮላ ባል ጋር ሆነን ፊልሙን አየነው፤ ትናንት በቀረጻው ላይ ሻይ ያቀረበችው እሷ፤ ጠጥታ የሞተችው ቫዮላ። ሌላ ምን ቀረህ?»

«ቁርስ» አለ ክሬል። ሚስቱ በየሳምንቱ ሲኒማ ስትሄድ ቤት ጠባቂው እሱ ነውና፣ ስለ ፊልም የሚያውቀው ነገር አልነበረም።

የሟቿ ባል፣ ባርኔጣ ነጋዴው ጋሪሰን ቴት፣ በደረቅ መሐረብ ደረቅ ዓይኑን እየጠረገ ቀረበ።

«በዓይኔ አይቻለሁ! ከካሜራው ኋላ ቆሜ ነበር። ያቺ እባብ ከጥቁር ቀሚሷ ኪስ አንድ ነገር አውጥታ ሻዩ ውስጥ ጨመረች።»

«ታዲያ ምነው ዝም አሉ?»

«የትወናው አካል መስሎኝ ነዋ!»

ኤድናን አልባሳት ክፍል ዘግተውባታል።

«የኤሌክትሪክ ወንበሩ ተዘጋጀልኝ?» አለችው ክሬል ሲገባ።

«ገና ነው። ትናንት ወዴት ሄድሽ?»

«ቀረጻው እንዳለቀ ልብሴን ቀይሬ በጀልባ ወንዙን ተሻግሬ ቤቴ ገባሁ። መሞቷን የሰማሁት ዛሬ ስቱዲዮው በር ላይ ሲይዙኝ ነው።»

«የገረዲቱ ቀሚስ የታለ?»

ሚስማር ላይ የተሰቀለውን እንደ ቲማቲም የቀላ ቀሚስ አሳየችው።

«ገረድ በቀይ?»

«ጥቁሩን አይጥ በላው። ለፊልሙ ግን ቀይም ጥቁርም አንድ ነው፤ ሁለቱንም አጥቁሮ ያወጣቸዋል።»

ክሬል ጢሙን አሻሸ። ከዚያ የሟቿን ክፍል ፈተሸ። የሳል መድኃኒቷ ጠርሙስ ታጥቦ እንደ መስታወት ያበራል። ትናንት ‹ብቻዬን ላልቅስላት› ብሎ ከሬሳው ጋር የቀረው ባሏ እንደሆነ ከበር ጠባቂው ሰማ።

ሁሉንም ፊልም ማሳያው ክፍል ሰበሰባቸው። የትናንቱ ቀረጻ ሲታይ ኤድና እንደ ቁራ ጠቁራ፣ ጀርባዋን ሰጥታ ሻይ ቀዳች።

«አቶ ቴት፣ ትናንት ቀሚሷ ምን ዓይነት ነበር?»

«ጥቁር! አልኩህ እኮ! ዕውር ነህ?»

ክሬል ቀዩን ቀሚስ ጭኑ ላይ ወረወረለት።

«የለበሰችው ይህን ነው። እዚያ የቆመ ሁሉ ቀይ አይቷል። ጥቁር የሆነው ፊልሙ ላይ ብቻ ነው፤ ፊልሙን ደግሞ ያያችሁት ዛሬ ጠዋት። እንግዲህ ትናንት ከካሜራው ኋላ አልነበሩም። ሰው ሁሉ ቀረጻው ላይ ሳለ የሚስትዎ ክፍል ባዶ ነበር። መርዙን የሳል መድኃኒቷ ውስጥ ጨመሩት። ስትሞት ‹ብቻዬን ላልቅስላት› ብለው ገብተው ጠርሙሱን አጠቡ። የሚያለቅስ ሰው ዕቃ ሲያጥብ አላየሁም።»

ካሜራ አንሺው ሳያስበው ሳቀ።

«ጥላኝ ልትሄድ ነበር!» ብሎ ቴት ጮኸ። «እኔ ሰው ያደረግኳት!»

ፖሊሶች ይዘውት ሲወጡ ሉሚስ ወደ ኤድና ዞረ። ይቅርታ የሚጠይቅ መስሏት ጠበቀች።

«አንድ ትዕይንት ይቀረናል። ከኋላ ስትታዪ ቫዮላን ትመስያለሽ። ልብሷን ልበሺና ፊትሽን ሳታዞሪ በመስኮቱ በኩል እለፊ።»

ኤድና ባርኔጣዋን አንስታ ፊት ለፊቱ ቆመች።

«ጌታው፣ በደንብ እየኝ» አለችው። «ጀርባዬን ማየት ከፈለግህ ደግሞ ይኸው፣ እየሄድኩ ነው።»