የሠርግ ሂናዋ ያልነካው አንገት

መርማሪ ፊልሳን ከኢትዮጵያ ድንበር ማዶ ባለችው ከተማ፣ ኮድቡር ሰፈር ወዳለው ቤት ስትደርስ አስከሬኑ ገና አልታጠበም ነበር። ሴቶቹ ውሃ አሙቀው በሩ ላይ ቆመዋል፣ ወንዶቹ መቃብር ቆፋሪ ልከዋል፣ የሰፈሩ ፖሊስም «ጥፋተኛዋን ይዣለሁ» ብሎ መኪና ውስጥ አስቀምጧታል። የቀረው የፊልሳን ፊርማ ብቻ ነበር። እሷ ደግሞ ሳታይ የምትፈርም ሴት አይደለችም።

«ኢትዮጵያዊቷ አስታማሚ ቱቦውን ሳታጸዳ ቀረች፣ ሴትዮዋ ታፈነች፣ በቃ» አላት አለቃዋ በስልክ።

«አየዋለሁ» አለችና ዘጋችበት።

ሟቿ ዛምዛም አርባን ያለፈች፣ ባሏ የሞተባት ሴት ናት። እሁድ ልታገባ ነበር። ከሁለት ዓመት በፊት በርበራ መንገድ ላይ መኪና ተገልብጦባት፣ እዚያው ከተማ ጅግጅጋ ያር በሚባለው ሰፈር ባለ አንድ የግል ክሊኒክ በመሣሪያ እየተነፈሰች ሰነበተች። ነፍሷ ተረፈ። የመተንፈሻ ቧንቧዋ ግን ቆስሎ ሲሽር እየጠበበ፣ እየጠበበ ሄደ። አዲስ አበባ ሁለት ጊዜ አስፍተውላት ሁለቱንም ጊዜ ጠባሳው ተመልሶ ያዘው። በመጨረሻ ከጠበበው ቦታ በታች አንገቷን በስተው ቱቦ አስገቡላት። ከዚያ ወዲህ የምትተነፍሰው በአንገቷ ነው። መናገር ስትፈልግ የቱቦውን አፍ በጣቷ ትደፍናለች፤ ጥቂት አየር በጠባቡ በኩል ሾልኮ ድምፅ ይሆንላታል። ሻካራ ድምፅ ነበር፤ እሷ ግን ሰፈሩን ታንቀጠቅጥበት ነበር። ከሠርጉ በኋላ አዲስ አበባ ሄዳ የጠበበውን ቆርጠው ጤነኛውን ከጤነኛው ሊሰፉላት ቀጠሮ ይዛለች።

ፊልሳን ፍራሹ አጠገብ ተንበረከከች። የዛምዛም እጆች ከጣቶቿ ጫፍ እስከ ክርኗ በጥቁር የሙሽራ ሂና አበባ ተስሎባቸዋል። አበባው ሳይደርቅ ሁለቱም የእጅ አንጓዎቿ ላይ ተጨፍልቋል። የቱቦው ነጭ አንገትጌና ነጭ ማሰሪያው ግን አንዲት ጥቁር ነጥብ አልነበረባቸውም። የውስጠኛውን ቱቦ አውጥታ ወደ መስኮቱ አቅንታ አየችበት። ብርሃኑ ወለል ብሎ ታያት። ሁሉንም ፎቶ አነሳች፣ ቱቦውን በከረጢት አሸገችው።

«እጠቧት፣ ቅበሯት» አለች። «እኔ ግን አልፈርምም።»

መኪናው ውስጥ ኪዳናዊት ቀጥ ብላ ተቀምጣለች። የደሴ ልጅ ናት፤ ዛምዛምን ከአደጋው ጀምሮ ያስታመመቻት እሷ ነች። ፊልሳን መጀመሪያ እጆቿን አየቻቸው። ንጹሕ ነበሩ።

«‹ረሳሁ› ካልሽ ቅጣቱ ይቀልልሻል፣ ወደ አገርሽ ይሸኙሻል ብለውሽ የለ?» አለቻት ፊልሳን፤ ድሬዳዋ ስላደገች አማርኛዋ የድሬ ነው።

«ብለውኛል። እሷን ረሳች ተብዬ አገሬ አልገባም። ቱቦውን ጠዋት አጥቤዋለሁ፤ ሂናው ከመጀመሩ በፊትም አጥቤዋለሁ። እስር ቤት ካስገቡኝም እዚያም ይህንኑ ነው የምናገረው።»

«ለምን ወጣሽ?»

«ፋሻ ልገዛ።»

«ስትወጪ ምን አለችሽ?»

«ምን ትላለች? እጇ እርጥብ ነው፤ ቱቦውን በጣቷ ካልደፈነች ድምፅ የላትም። በቅንድቧ ነው ያሰናበተችኝ።»

«ቱቦው ላይ የሚገጠም ሌላ ነገር ነበራችሁ?»

«የለንም። የአዲስ አበባው ሐኪም ከጣቷ በቀር ምንም እንዳይደፈንበት አስጠንቅቆናል።»

በማግስቱ ዓርብ ጠዋት ፊልሳን የዛምዛምን ወንድም ዋርሳሜን አገኘችው። ሠርጉን ሲቃወም የቆየ ሰው ነው፤ ሰፈሩም ያውቃል።

«እህቴን ለሾፌር፣ ያውም ለባዕድ? አልኩ፤ አልክድም» አለ። «እሷ ምን ብትለኝ ጥሩ ነው? ‹ጤነኛ አንገት ሳለኝ እናንተ የመረጣችሁልኝን አይተናል፤ ይሄኛውን በተበሳ አንገቴ እኔ መርጫለሁ።›» ሊስቅ ሞክሮ አልሆነለትም።

«ትናንት በሩ ላይ ነበርክ አሉ። ማን ገባ፣ ማን ወጣ?»

«ሙሽራው ሃሩን ሂናው ሳይጀመር ዕቃ አድርሶ ሄደ። ሂና ቀቢዋ ሀዎ ጨርሳ ወጣች። ከዚያ ኪዳናዊት ወጣች። የጅግጅጋ ያሩ ክሊኒክ ባለቤት ዶክተር ናጂብ ‹ክፍሏ በር ላይ ሆኜ ስለ ዕርቅ ላናግራት› ብሎ ገብቶ ወጣ። ከዚያ ኪዳናዊት ተመለሰችና ጩኸት ሰማሁ።»

«አንተስ ክፍሏ አልገባህም?»

«ሙሽራ ሂና ላይ እያለች ወንድ አይገባም፤ ወንድሟም ቢሆን።» ሁለት እጆቹን ጉልበቱ ላይ ዘርግቶ ነበር። መዳፉም አንጓውም ንጹሕ ነው።

ሃሩን የበርበራ መስመር ሾፌር ነው፣ የሐረር ልጅ። ከመኪናው ጎን መሬት ላይ ተቀምጦ አገኘችው።

«አቦ ሃሩን፣ የሚጠላት ነበር?»

«ቅዳሜ የሕክምና አቤቱታ ሰሚዎች ፊት ልትቀርብ ነበር። እዚያ ክሊኒክ የመሣሪያውን ቱቦ ጫፍ የሚይዘውን ፊኛ ከልክ በላይ ነፍተው ትተውት ነው ጉሮሮዋ የሞተው። ባለቤቱ ናጂብ ሽማግሌ ላከባት። ‹ጉሮሮዬን ሽማግሌ አይሰፋልኝም› ብላ መለሰቻቸው። ሁሉም ዝም በይ አላት። እኔም ፈርቼ ዝም በይ ብያት ነበር።»

ዶክተር ናጂብ ክሊኒኩ ውስጥ በትሕትና ተቀበላት። ሽበት የነበረው ፂሙ ብርቱካን መስሏል።

«ነገሩን በዕርቅ እንጨርሰው ልላት ሄጄ ነበር» አለ። «ሂና ላይ ስለነበረች በሩ ላይ ቆሜ አነጋገርኳት። ‹ደህና ነኝ፣ ቅዳሜ እንገናኝ› አለችኝ። ስወጣ በሕይወት ነበረች። አስታማሚዋ ዘግይታ ይሆናል፣ አክታ ደርቆ ይዘጋል። ያሳዝናል።»

ሻይ ሲቀዳላት ቀኝ እጁ ከኪሱ ወጣ። አውራ ጣቱ ጠቁሯል። እሷ ምንም ሳትለው «ለጁምዓ ፂሜን ሂና ስቀባ እጄን አበላሸሁት» አለ።

«ያምርብሃል» አለችውና ሻይዋን እስከ መጨረሻው ጠጣች።

ከጁምዓ ሰላት በኋላ ሁሉንም በዛምዛም ቤት ሰበሰበቻቸው። ዋርሳሜ በስደት ዘመን ጅግጅጋ ያደገ ነው፣ ሀዎም እንዲሁ፣ ናጂብም ሕክምናን የተማረው ኢትዮጵያ ነው፤ አማርኛ የማያውቅ አልነበረም። አለቃዋም ነገሩን ሊቋጭ መጥቶ ወንበር ይዟል። ኪዳናዊት በሁለት ፖሊሶች መካከል ቆማለች።

«አክታ ዘጋው ተባለ» አለች ፊልሳን። «ቱቦው ንጹሕ ነበር፤ በገዛ ዓይኔ አይቼበታለሁ። ስለዚህ ኪዳናዊት አልረሳችም። እንቀጥል። ሰው ሲታፈን እጁ የት ይሄዳል?»

የሃሩን እጅ ሳያውቀው ወደ አንገቱ ሄደ።

«አዎ፣ እዚያ። ዛምዛም ሁለት እጇ እርጥብ ሂና ነው። አንገቷን ብትነካ ነጩ ማሰሪያ ይጠቁር ነበር። አልጠቆረም። ሂናው የተጨፈለቀው አንጓዋ ላይ ነው። እጆቿን የያዘባት ሰው አለ። ሀዎ፣ ያ ሂና ሰው ቢነካው?»

«የፀጉር ቀለም የገባበት ነው፤ ወዲያው ይይዛል» አለች ሀዎ። «ሳምንት ሙሉ ብታሹት አይለቅም።»

«ሃሩን ሂናው ሳይጀመር፣ ሀዎም ኪዳናዊት ቤት እያለች ሄደዋል። የኪዳናዊትንና የዋርሳሜን እጅ አይቻለሁ፤ ንጹሕ ነው። ዶክተር ናጂብ ግን ‹በሩ ላይ ቆሜ ድምፅዋን ሰማሁ› ብሎኛል። በየትኛው ጣቷ ደፍና ተናገረች? ቱቦውን ብትነካው ይጠቁር ነበር።»

ናጂብ ፈገግ አለ። «አንቺ ፖሊስ እንጂ ሐኪም አይደለሽም። የመናገሪያ ቫልቭ የገጠመ ሰው ጣት አያስፈልገውም።»

«የቱ ቫልቭ?» አለች ፊልሳን።

ናጂብ ቀኝ እጁን ወደ ኪሱ ይበልጥ አስገባ።

«ቤታችን ቫልቭ ገብቶ አያውቅም» አለች ኪዳናዊት። «የተከለከለ ነው።»

«ለምን እንደተከለከለ የአዲስ አበባውን ሐኪም ዛሬ ጠዋት ደውዬ ጠየቅሁት። ቫልቩ በአንገት በኩል አየር ያስገባል እንጂ አያስወጣም። የገባው በአፍ መውጣት አለበት። ከላይ ቧንቧው ለጠበበ ሰው መውጫ የለውም፤ የሳበችው ሁሉ እዚያው ይታመቅና ይገድላታል። ይህን ፖሊስ አያውቅም፣ አስታማሚም ላታውቀው ትችላለች፣ ሐኪም ግን ያውቃል። ገባህ፣ ገጠምክላት፣ እስክትዝል እጆቿን ይዘህ ጠበቅህ፣ ነቅለህ ሄድክ። ከዚያ ‹ስወጣ በሕይወት ነበረች› ለማለት በወሬህ አናገርካት። አፍ ሲያመልጥ ራስ ሲመለጥ አይታወቅም ይላሉ። እኛ ስለ ቫልቭ አልጠየቅንህም።»

«ይህ ግምት ነው» አለ ናጂብ።

«የፂምህ ሂና ብርቱካን ነው። አውራ ጣትህስ ምን ቀለም ነው?»

የናጂብ ቀኝ እጅ ኪሱ ውስጥ ቀረ። ዋርሳሜ ከመቀመጫው ተነስቶ ፊቱ ቆመ።

«አውጣው» አለው። ድምፁ ዝቅ ያለ ነበር።

እጁ ወጣ። አውራ ጣቱና መዳፉ ላይ የዛምዛም የሠርግ አበባ ግማሹ ተገልብጦ ታትሟል። ዋርሳሜ አበባውን አይቶ ፊቱን አዞረ።

«በአንድ ጉሮሮ የሃያ ዓመት ስሜን ልትቀብር ነበር» አለ ናጂብ። ፖሊሶቹ ኪዳናዊትን ትተው እሱን ያዙት።

አለቃው ጉሮሮውን ጠረገ። «እንግዲህ ነፃ ነሽ» አላት ኪዳናዊትን። «ነገ ወደ ድንበሩ፣ ወደ ወጫሌ የሚሄድ መኪና አይጠፋም። አገርሽ ግቢ።»

«ነገ ቅዳሜ ነው» አለች።

«እና?»

«ዛምዛም የምትናገርበት ቀን ነው። ፊኛውን እንዴት እንደነፉት፣ ስታቃስት ምን እንዳሏት እኔ አልጋዋ አጠገብ ሆኜ አይቻለሁ፣ ሰምቻለሁ። የቀረውን እሷ ራሷ ቱቦዋን በጣቷ እየደፈነች ነግራኛለች። እሄዳለሁ።»

«ባዕድ ነሽ። ማን ይሰማሻል?»

«እሷን ዝም በይ ሲሏት በአንድ ጣት ተናግራለች» አለች ኪዳናዊት። «እኔ ጣትም አያስፈልገኝም።»

አለቃው ወደ ፊልሳን ዞረ። ፊልሳን የኪዳናዊትን መፈቻ ወረቀት ጉልበቷ ላይ አድርጋ እየፈረመች ነበር፤ ቀና አላለችም። ዋርሳሜ ኩታውን ትከሻው ላይ አስተካከለ።

«ከጎኗ እኔ እቀመጣለሁ» አለ። «ይህቺ የቤቴ ሰው ናት። ሃሩን፣ አንተም ትመጣለህ፤ አማቼ ነህ።»

ሃሩን ይህን ቃል ከዋርሳሜ አፍ ሲሰማ የመጀመሪያው ነበር። ተነስቶ ለነገው መንገድ መኪናውን ሊያጥብ ወጣ።