ከአዳማ የጠፋችው አቶም

«የጠፋው ነገር ምን ያህላል?»

ሸዋወርቅ የፖሊስ ጣቢያው ወንበር ላይ ተስተካክላ ተቀመጠች።

ኢንስፔክተር ኦሊቃ እስክሪብቶውን ጠረጴዛው ላይ አስቀምጦ ጠበቃት። ቅዳሜ ጠዋት ነው። አዳማ ከማለዳው ሞቃለች። ልጇ ሶረቲ በኮሪደሩ ጫፍ ባለው ክፍል ታስራለች። ሸዋወርቅ ስትገባ ድምጿን ሰምታለች፤ ፊቷን ግን አላየችም።

«እትዬ ሸዋወርቅ፣ ልጅዎ ምን ሰርቃ እንደተያዘች ያውቃሉ?»

«አልሰረቀችም።»

«እሺ። ሰረቀች የተባለውንስ ያውቁታል?»

«ቺፕ ነው። ጥፍር የሚያህል።» ትንሿን ጣቷን አሳየችው። «ግን ዋናው እሱ አይደለም። ዋናው ላዩ ላይ ያለው ነው። እሱ ደግሞ አይታይም።»

በሩ ላይ የቆመው ወጣት ፖሊስ ሳቁን በሳል ሸፈነው።

«አይታይም?» አለ ኦሊቃ።

«አቶም ናት። አንዲት አቶም። እንዲህ ነው የነገረችኝ።»

ሶረቲ የነገረቻት በርበሬ ሲቀነጥሱ ነው። «እማ፣ ስልክሽ ውስጥ በቢሊዮን የሚቆጠሩ ትንንሽ ማብሪያ ማጥፊያዎች አሉ። ትራንዚስተር ይባላሉ። እያንዳንዱ ከብዙ ሺህ አቶም የተሠራ ነው። እኛ ጋ ያለው ግን ልዩ ነው። ሲሊከን ላይ የተተከለች አንዲት የፎስፈረስ አቶም ብቻዋን ኤሌክትሪኩን ታሳልፋለች፣ ትዘጋለች። ከዚያ በታች ማነስ አይቻልም። እንዲህ ያሉት ብዙ ሆነው ከተያያዙ የዛሬ ኮምፒውተር ዕድሜ ልኩን የማይጨርሰውን ስሌት ይጨርሳሉ ብለን ተስፋ እናደርጋለን።»

«ታዲያ ብትጠፋ በምን ትፈለጋለች?» አለቻት ያኔ እናቷ።

ሶረቲ ስቃ ነበር። አሁን ግን ነገሩ ሳቅ አልሆነም።

ሶረቲ የምትሠራበት የምርምር ቤት ተራ ቪላ ነው። ግቢው ከእነሸዋወርቅ ግቢ ጋር በአንድ ግድግዳ ይዋሰናል። ኃላፊው ዶክተር ኪዳነወልድ ነው፤ የሸዋወርቅ ባል ገርባ ሞቶ ሶረቲ ዩኒቨርሲቲ ስትጨርስ ሥራ የሰጣት እሱ ነው። ቺፑን የላኩት ውጭ አገር ያሉ የሥራ አጋሮቻቸው ናቸው። ነሐሴ ላይ ዶክተሩ አቶሟ በአዳማ እንደታዘዘችው ኤሌክትሪክ አሳለፈች፣ ዘጋች ብሎ በሬዲዮ ተናገረ። የፊታችን ሰኞ እንግዶቹ በዓይናቸው ሊያዩ ይመጣሉ። ሲመለሱም ሶረቲን ለትምህርት ይዘዋት ይሄዳሉ።

ይህን የሰማች ዕለት ሸዋወርቅ ጎረቤቶቿ ፊት እልል አለች። ቤት ገብታ በሯን ዘግታ ደግሞ ለገብርኤል ተሳለች። ልጄን ካላራቅህብኝ ጃንጥላ አስገባለሁ አለች። ስለቷን ለማንም አልነገረችም።

ቅዳሜ ማለዳ ዶክተሩ ካዝናው ተከፍቶ አገኘው። ቺፑ የለም። ቺፑ የነበረበት ትንሽ የብረት ሳጥን ባዶውን በሶረቲ መሳቢያ ውስጥ ተገኘ። ጥበቃው ጋሮምሳም ከዓርብ ማታ ጀምሮ የት እንደገባ አልታወቀም።

*

ኦሊቃ ከሰዓት በኋላ ቪላው ሄደ። ዶክተር ኪዳነወልድ በሁለት እጁ ጨበጠው። ዓይኑ ቀልቷል።

«የካዝናው ቁልፍ ስንት ነው?»

«ሁለት። አንዱ እኔ ጋ፣ አንዱ ሶረቲ ጋ።»

«ጥበቃው?»

«ቁልፍ የለውም። ግን በር የሚከፍትና የሚዘጋው እሱ ነው።»

«ቺፑን ማን ይገዛዋል?»

«ዋጋውን የሚያውቅ ሰው። አጋሮቻችን ብዙ ተወዳዳሪ አላቸው።» «ልጅቷን እንደ ልጄ ነበር የማያት።»

ኦሊቃ ክፍሉን ዞሮ አየ። ጥግ ላይ በርሜል የሚመስል ማሽን ቆሟል። ቧንቧው ግድግዳው ሥር ካለ ሞተር ጋር ተያይዟል።

«ይሄ ምንድን ነው?»

«ማቀዝቀዣው። የዚህ ቤት ልብ እሱ ነው። ቺፑ እጅግ ካልቀዘቀዘ አቶሟ አትታዘዝም። ሙቀት ይረብሻታል።»

«ሬዲዮ ላይ የተናገሩትን እዚህ ነው የለኩት?»

«እዚሁ። ከሐምሌ ገብርኤል በፊት ባለው ሳምንት። ማሽኑ ቀንና ሌሊት አላረፈም። ብቻዬን ነበርኩ።»

«ሶረቲስ?»

«ሻሸመኔ፣ ለመምህራን ሥልጠና ልኬያት ነበር።»

ኦሊቃ ራሱን ነቀነቀ። ዓይኑ ግን ከሞተሩ በላይ ግድግዳው ላይ ባለው ቀዳዳ አረፈ። ቀዳዳው የሽቦ ወንፊት ተመቶበታል። የወንፊቱ አንድ ጥግ ወደ ላይ ታጥፏል።

«ከዚህ ማዶ የማን ግቢ ነው?»

ዶክተሩ መልሱን ለማውጣት የከበደው መሰለ። «የሶረቲ እናት ግቢ» አለ።

*

ከዚያ በቀጥታ ሸዋወርቅ ቤት የሄደው ዶክተሩ ነው። መደቡ ላይ ተቀመጠ። ያቀረበችለትን ሽሮ በላ።

«እማማ ሸዋ፣ እኔ አለሁልዎት» አላት። «ቺፑን ከመለሰች ክሱ እንዲቀልላት እለምናለሁ። ብቻ ትመን። እናት ናት የምትመክረው።»

ሸዋወርቅ ጉልበቱን ልትስም ጎንበስ አለች። በእጁ ያዛት።

ያን ቀን እግዜር ሰው አላሳጣኝም ብላ አመሰገነች።

*

እሑድ ጠዋት ጋሮምሳ በራሱ እግር ጣቢያ ገባ። ከሁሩታ ነው የመጣው። ጫማው ጭቃ፣ ኮቱ አዲስ።

«የወንድሜን ልጅ ድሬ ስመለስ ሌባ ተባልኩ» አለ። «ማሎ፣ እባክዎ ኢንስፔክተር፣ ሌባ ሙሽራ አጅቦ ይውላል?»

«ለምን ሳትናገር ሄድክ?»

«ለዶክተር ተናግሬያለሁ። ሂድ፣ ተዝናና ብሎ ሸኝቶኛል።»

ኦሊቃ ዶክተሩን በስልክ ጠየቀው። ረስቼው ነው አለ፤ በድንጋጤ። ሠርገኞቹም ስለ ጋሮምሳ መሰከሩ። እሱ ተለቀቀ። ሶረቲ ላይ ግን ነገሩ ጠበቀ። በቀዳዳው አሾልካ ለእናቷ አቀብላለች የሚለው ሐሳብ ብቻ ቀረ።

ከቀትር በፊት አራት ፖሊሶች የሸዋወርቅን ቤት ፈተሹ። ሸዋወርቅ በርበሬ አስፈጭታ ትሸጣለች። ጥፍር የሚያህል ነገር ዱቄት ውስጥ ይደበቃል ተብሎ ጆንያው ሁሉ ተነፋ። ወጣቱ ፖሊስ ማስነጠስ ሲጀምር ማቆም አቃተው። ሌላው ዓይኑን እያሸ እያለቀሰ ወጣ። ሸዋወርቅ ደጃፍ ላይ ቆማ ነጠላዋን አፏ ላይ ይዛለች። አገር ያውቃታል። ሰው አጥሩ ላይ ተንጠልጥሎ ያያል።

ምንም አልተገኘም።

ኦሊቃ ከግድግዳው ሥር አጎነበሰ። ከቀዳዳው በታች ድንጋይ ተደርድሮ እንደ መደብ ሆኗል። ሰው ቢቆምበት እጁ ቀዳዳው ውስጥ ይገባል።

«ይህን ድንጋይ ማን ካበው?»

ሸዋወርቅ ነጠላዋን አጥብቃ ያዘች።

«እትዬ ሸዋወርቅ፣ ልጅዎ ያለችበትን ያስቡ።»

እሷም የምታስበው ያንኑ ነበር። እኔ ነኝ ብትል ልጇ ላይ የምታስፈርድ መሰላት። አይደለሁም ብትል ውሸቷ ይታወቃል።

«እኔና እሷ ነን የካብነው!» የሚል ድምፅ ከአጥሩ መጣ። ጎረቤቷ ፎዚያ ናት። ጎረምሶቹን በክርኗ ገፍታ ገባች። «ምን ታስጨንቃታለህ፣ ወንድሜ? በርበሬ ልናሰጣበት ነው።»

«በርበሬ?»

«ክረምት ፀሐይ የት አለ? ያ ማሽን ሲነሳ በቀዳዳው እንደ ምድጃ ይተነፍሳል። ወንፊቱንም ያጠፍኩት እኔ ነኝ፣ ትንፋሹ ወደ ታች እንዲመጣ። ሶረቲ አይሆንም፣ ብናኝ ይገባል ብላ ከልክላናለች። ስለዚህ እሷ ሻሸመኔ ስትሄድ አሰጣን። ወንጀል ከሆነ እሰረኝ። ግን መጀመሪያ ያንን ዶክተር ስለ በርበሬያችን ጠይቅልን።»

«ዶክተሩ በርበሬያችሁን ምን አደረገው?»

«አሻገተው!»

«ፎዚያ፣ ተይ» አለች ሸዋወርቅ።

«ምን ልተው፣ ሸዋዬ? ሶረቲ ስትሄድ ዶክተር ሳምንቱን ሙሉ ማሽኑን ያስነሳዋል አለችን። እሱን አምነን በነጭ ሽንኩርትና በዝንጅብል የደለዝነውን ሁሉ ዘረጋነው፣ ለቁልቢ ተጓዥ ልንሸጥ። ጠበቅን። ውጪ ዝናብ፣ ቀዳዳው ቀዝቃዛ። ወላሂ አንድ ቀን አልተነፈሰም። ነጭ ፀጉር አበቀለ፣ ለውሻ እንኳ አይሆንም። ሶረቲ እንዳትቆጣን ደብቀን ቀበርነው።»

ኦሊቃ ከአጎነበሰበት ቀስ ብሎ ተነሳ።

«ለየትኛው ገብርኤል ነው ይህ?»

«ለሐምሌው ነዋ።»

«ከገብርኤል በፊት ባለው ሳምንት?»

«አዎ። ምነው?»

እሱ ግን ወደ ሸዋወርቅ ዞረ። «እውነት ነው?»

ሸዋወርቅ በአንገቷ አዎ አለች። ልጄን ያስቀጣታል ብላ የፈራችው ይሄ ነበር፤ የበርበሬው ነገር። ፖሊሱ ፊቱ ለምን እንደተለወጠ አልገባትም።

*

«ቁጭ ይበሉ፣ ዶክተር» አለ ኦሊቃ፣ ከሰዓት በኋላ ጣቢያ ውስጥ።

«ሰኞ እንግዶች አሉብኝ። አሁን ምን ቀረ?»

«አንድ ጥያቄ ብቻ። ቺፑ ሳይቀዘቅዝ መለካት ይቻላል?»

«አይቻልም። ነግሬዎታለሁ።»

«ማሽኑ ሲሠራ ሙቀቱ የት ይወጣል?»

«በቀዳዳው፣ ወደ ውጭ።»

«እና በገብርኤል ሳምንት ቀንና ሌሊት ሠርቷል።»

«ሠርቷል።»

ኦሊቃ በሩን ከፈተ። ፎዚያና ሸዋወርቅ አግዳሚ ወንበር ላይ ተቀምጠዋል። «እነዚህ ሴቶች በዚያ ሳምንት ቀዳዳው ሥር በርበሬ አስጥተው ነበር። ሻገተባቸው።»

ዶክተሩ አንዴ ፈገግ አለ። «በበርበሬ ምስክርነት ነው የምከሰሰው?»

«ጋሮምሳንም ጠይቄዋለሁ። በዚያ ሳምንት በር ላይ ሌሊቱን ያደረ እሱ ነው። የሞተር ድምፅ አልሰማሁም፣ ጸጥታው እንቅልፍ አመጣብኝ አለ። ለማስመሰል እንኳ ለምን አላስነሱትም?»

ዶክተር ኪዳነወልድ እጆቹን አየ።

«ብቻዬን ነበርኩ» አለ በመጨረሻ። «ለማን ላስመስል?»

ኪሱ ውስጥ ያለውን አስወጡት። ከገንዘብ ቦርሳው ውስጥ፣ ከእናቱ ፎቶግራፍ ጀርባ፣ በላስቲክ የተጠቀለለ ነገር ወጣ። ጥፍር የሚያህል፣ ጥቁርና የሚያብረቀርቅ።

ሸዋወርቅ በተከፈተው በር አየችው።

«ግንቦት ላይ እንደመጣ ነው የሞተው» አለ ዶክተሩ። ድምፁ የሌላ ሰው ሆኗል። «ክፍሉ ስለሚቀዘቅዝ ሹራብ ለብሼ ነበር። ከመሬት ጋር የሚያገናኘውን ሽቦ እጄ ላይ አላሰርኩም። የቸኮልኩ ይመስለኛል። ስነካው ጣቴ ላይ ብልጭ አለ፣ ደረቅ ሹራብ ሲወልቅ እንደሚለው። በቃ። አቶሟን አገር ሁሉ ይጠብቃታል፣ እኔ በጣቴ ገደልኳት። መናገር አልቻልኩም።»

«ከዚያ ልኬቱን ፈጠሩ።»

«ሊሆን የሚገባውን ጻፍኩ።»

«ሳጥኑን የልጅቷ መሳቢያ ውስጥ ማን ጨመረው?»

ዶክተሩ ፊቱን ወደ ግድግዳው አዞረ።

«ጥበቃውን ሠርግ የሸኙት ቤቱ ባዶ እንዲሆን ነው። ለምን ሶረቲ?»

«ሰኞ ማሽኑን የምታስነሳው እሷ ነበረች። ቺፑ እንደሞተ መጀመሪያ የምታውቀው እሷ ናት።»

ሸዋወርቅ ከወንበሩ ተነሳች። ፎዚያ ክንዷን ያዘቻት። አልጮኸችም። ሰውየውን አየችው። ትናንት ቤቷ የበላበት እጅ ጠረጴዛው ላይ ነው። ጉልበቱን ልትስም ጎንበስ ያለችው ለዚህ ሰው ነው። እንድታምን ምከሯት ያላት ይሄው አፍ ነው።

«ሽሮዬን በላህ» አለችው በመጨረሻ።

*

ሶረቲ በዚያው ምሽት ወጣች። ሁሉን ስትሰማ ስለ እስሯ አላለቀሰችም። ቺፑን አሳዩኝ አለች። ኦሊቃ በላስቲኩ እንዳለ አሳያት። ወደ አምፖሉ ከፍ አድርጋ አየችው፣ የሚታይ ነገር ያለ ይመስል።

«ሞታ ነው በሬዲዮ ያወሩላት» አለች።

ሰኞ እንግዶቹ መጡ። የኦሊቃን ቃል ሰሙ፣ ሶረቲንም አነጋገሩ። ጨዋዎች ነበሩ። ንጹሕ መሆንሽን እናምናለን አሏት። ነገር ግን ከዚህ ቤት ጋር ያለን ሥራ ሁሉ ተቋርጧል፣ የትምህርቱም ነገር አብሮ ቀርቷል አሉ። ሶረቲ አመሰገነቻቸው። ግቢው በር ድረስም ሸኘቻቸው።

ማሽኑ በኅዳር ተነቀለ። የጭነት መኪናው ወደ ሞጆ ደረቅ ወደብ ሲነሳ ሶረቲ የገመዱን ቋጠሮ ራሷ አጠበቀች። እናቷ ከቀዳዳው ማዶ ሆና አየቻት።

በታኅሣሥ ገብርኤል ሸዋወርቅ ጃንጥላውን አስገባች። ስለቱ ደርሷልና። ቄሱ ምን ተሳልሽ ብለው ሲጠይቋት መናገር አቃታት። እልልም አላለች።

ዶክተር ኪዳነወልድ እስር ቤት ነው። ጋሮምሳ ሁሩታ ገብቶ እርሻ ይዟል። ማሽኑ ሄዷል፣ ግድግዳው ላይ ያለው ቀዳዳም በጡብ ተደፍኗል። ሶረቲ አዳማ ቀርታለች፤ ሁለተኛ ደረጃ ፊዚክስ ታስተምራለች።