ካዝናችሁን ፍቱ ያላቸው ሰው

ይኼን የምነግራችሁ ከሰው ሰምቼ አይደለም። በኔው ላይ የደረሰ ነው። ማመን ያቃተው ይተወው፤ አልምልለትም።

ጥቅምት 1970 ዓ.ም. ነው። ሱዳን ውስጥ፣ ከገዳሪፍ ወዲህ፣ ፋሽጋ እርሻ ላይ፣ ሰሊጥ በሚታጨድበት ሰሞን። ሰዓቱ ሰባት ሰዓት።

ሰባት ሰዓት ስላችሁ የሌሊቱን እንዳይመስላችሁ። የቀኑን ነው። ሰው ጨለማ ይፈራል... እኔ ጠራራ ፀሐይ ነው የምፈራ።

ከደርግ ሸሽተን ከጎንደር የተሻገርን ሰዎች ነበርን። ሲሻን ሰሊጥ እናጭዳለን፤ ሲመቸን ጠመንጃ አንስተን የደርግን ወታደሮች ልንወጋ ድንበር እንወርዳለን። መሣሪያ የማጸዳው እኔ ነበርሁ። ዳምጤ እባላለሁ።

ዋናው ሥራዬ የክላሽ ካዝና ነው። ያ ጥይት የሚሞላበት ጎባጣ ቆርቆሮ። የታችኛውን ክዳን አወልቃለሁ፣ ሞላውን እመዛለሁ፣ ውስጡን በጨርቅ እጠርጋለሁ፣ መልሼ እገጥማለሁ። ካዝና ከቆሸሸ ሞላው ጥይቱን አይገፋም። ጥይቱ ካልተገፋ ክላሽ ማለት ዱላ ነው።

በዚያ ሰሞን የመሣሪያ ዘይት አለቀብኝ።

እኔ ሞኙ ምን አደረግሁ? ገዳሪፍ ላይ የሰሊጥ ዘይት እንደ ውሃ ነው። ካዝናዎቹን ከውስጥም ከውጭም በሰሊጥ ዘይት አሸኋቸው። አብረቀረቁ። ደስ አለኝ እንኳ!

አሥር ሰዎች እነዚያን ካዝናዎች ታጥቀው ገና ሳይነጋ ወደ ድንበር ወረዱ። አንዱ ታምሬ ነው። ታናሽ ወንድሜ። ስንሻገር እናቴ እጁን በእጄ ላይ አድርጋ «አደራህን» ያለችኝ።

አራት ሰዓት ላይ ሃምሳ አለቃ ካሣ ካምቦ ወደምንለው ሰፈራችን መጡ። የድሮ ወታደር ናቸው፤ ካዝና ማጽዳትን ያስተማሩኝ እሳቸው ናቸው። ፀሐይ ላይ የተውሁትን አንድ ካዝና አነሱና ጥይቱን በአውራ ጣታቸው ወደ ታች ተጫኑት።

ጥይቱ ወረደ። ተመልሶ አልመጣም።

«ምንድን ነው የቀባኸው?»

«የሰሊጥ ዘይት።»

«የምን?»

«ጋሼ፣ ዘይት አልቆብኝ...»

«አንተ ደንቆሮ! ይኼ በሙቀት ሙጫ ይሆናል! አቧራ ሲገባበት ደግሞ ሲሚንቶ! በገዛ እጅህ ወንድምህን ገደልኸው እኮ!»



አሥር ደረቅ ካዝና በጆንያ ሞልተው አሸከሙኝ። ከዚያ ጆሮዬን ይዘው እንዲህ አሉኝ።

«ሩጥና ቀይርላቸው። ግን ተራ በተራ! ግማሹ ሲቀይር ግማሹ ይጠብቅ። ሁሉም ባንዴ ካዝና ከነቀሉ አለቀላቸው። ሰማኸኝ?»

«ሰምቻለሁ ጋሼ።»

ሮጥሁ።

ከካምቦው የሦስት ሰዓት መንገድ ነው። መንገዱን አጋምሼ ዙህራ ዳስ ጋ ደረስሁ። ዙህራ ለአጫጆች ሻይና ውሃ የምትሸጥ ሱዳናዊት ናት፤ ከኛ ጋር ውላ ውላ አማርኛችንን ጠንቅቃ ታውቃለች።

«አንተ ዳምጤ! ምን ረስተህ ተመለስህ?»

«ኧረ ገና መምጣቴ ነው። ውሃ ስጪኝ።»

ሳቀች። «አሁን የጠጣኸውስ?»

«መቼ ጠጣሁ?»

«ወላሂ አሁን! እኔ እያየሁህ ጨለጥኸው። ይኼው ኩባያህ።»

ኩባያውን አየሁት... እስከ አፉ ሙሉ ነው።

እሷም አየችው። ሳቋን አቆመች።

«ዳምጤ...»

«ምነው?»

«አሁን ልብስህ ቢጨመቅ ላብ ነው የሚፈሰው። ቅድም ግን... ጠብታ እንኳ አልነበረብህም።»

ፀሐይ መትቷት ነው አልሁ በልቤ። ሌላ ምን ልበል? ውሃውን ሳልነካው ሄድሁ። ከኋላዬ በአረብኛ ስትጸልይ ይሰማኛል።

ከዚያ በኋላ መሬት መሬቱን እያየሁ ነው የሮጥሁት። ሁለት ጊዜ ቆሜ ወደፊት አማተርሁ። ሰው የለም። ያለው የተከመረ ሰሊጥና ያልታጨደ ማሽላ ብቻ ነው።

ሰባት ሰዓት ሊሆን ሲል ቱርካን አገኘሁት። ከአሥሩ አንዱ፣ ጠባቂያቸው ነው፤ ኩይሳ ተጠግቶ ተኝቶ ድንበሩን ያያል። ሌሎቹ ከሱ ወረድ ብሎ ካለው ደረቅ ወንዝ ውስጥ ናቸው። ሱዳኖቹ ኾር ይሉታል።

ቱርካ ሲያየኝ ግንባሩን ቋጠረ።

«አንተ ደግሞ... በየት ዞረህ መጣህ?» አለኝ በሹክሹክታ።

«ቱርካ፣ እኔን አይተኸኛል?»

«ታሾፋለህ? ቅድም በአጠገቤ አልፈህ ወረድህ። ሰላም ብልህ ዘጋኸኝ።»

«ፊቱን አየኸው?»

«ፊትህን ነዋ! ጆንያ ይዘሃል። ያው ያንተው ጆንያ ነው። ብቻ...»

«ብቻ ምን?»

ጀርባዬ ላይ ያለውን ጆንያ አየ። ስተነፍስ እንኳ ውስጡ ያለው ብረት ይንኳኳል።

«ያኛው ድምፅ አልነበረውም» አለኝ።

ይኼን ብሎ አፉን ሳይከድን ተኩሱ ተጀመረ።

ከኾሩ ነው። ከአንድ ወገን ብቻ ነበር የሚተኮሰው... የሚመልስ አልነበረም።

«ለምን አይመልሱም?» አለ ቱርካ። «ዳምጤ፣ ምነው ዝም አሉ?»

እኔ አውቄዋለሁ። ዘይቱ ነው።

ቱርካ ብድግ ሲል ጥይት አገጩን ይዞት ሄደ። አገጭ የሚባል ነገር አልተረፈለትም። ላዬ ላይ ወደቀ። ዓይኑ ዓይኔን ያያል፤ ሊናገር ይታገላል፤ ደሙ ግን እየተንዶቀዶቀ አፌ ውስጥ ይገባል። ልብሴን ጨምድዶ እንደያዘ ሞተ።

ከሬሳው ሥር ሆኜ ሁሉንም ሰማሁ። ተኩሱ ሲያበቃ የሳንጃው ተራ መጣ። አንዱ እናቱን ይጠራ ነበር። ቆይቶ እሱም ዝም አለ። የደርግ ወታደሮቹ እየተሳሳቁ ወደ መጡበት ሲመለሱ ኮቴያቸው እስኪጠፋ ጠበቅሁ።

ፈሪ ነበርሁ። ይኼንንም አልደብቃችሁም።

ከዚያ ወረድሁ።

እናንተዬ... ብዙ የሞተ ሰው አይቻለሁ። እንደዚያ ያለ ግን አላየሁም።

ተሰብስበው ክብ ሠርተው በተቀመጡበት ነው ያለቁት። መሐላቸው ጋቢ ተነጥፏል። ጋቢው ላይ ጥይቱ ሁሉ ተከምሯል። በአንዳቸውም ክላሽ ላይ ካዝና የለም። ሁሉም ተፈትቷል። ክዳኑ ለብቻ፣ ሞላው ለብቻ።

አንዱ ሞላውን እንደጨበጠ ሞቷል። አንዱ መጥረጊያ ጨርቁን ሆዱ ላይ ጠቅጥቆታል፤ አንጀቱን ሊይዝበት። አንዱ ባዶ ካዝና ውስጥ ጥይት ለመጨመር ሲጣደፍ በሳንጃ መዳፉን ከካዝናው ጋር ሰፍተውታል።

ቆጠርኋቸው። ስምንት።

ታምሬ የለም።

«ታምሬ!»

ከኾሩ ጥግ ማቃሰት ሰማሁ። ታምሬ ነው! ጭኑን ተመትቷል፤ ደሙ እየፈሰሰ በክርኑ ይሳባል። ግን በሕይወት አለ! እግዚአብሔር ይመስገን ብዬ ጮህሁ። መቀነቴን እየፈታሁ ሮጥሁ፤ ጭኑን ከላይ ጥብቅ ካደረግሁለት ይተርፋል።

ሲያየኝ ጮኸ።

እንዲያ ያለ ጩኸት ከወንድሜ ሰምቼ አላውቅም።

«አትጠጋኝ!»

«ታምሬ፣ እኔ ነኝ...»

«አውቄሃለሁ! አትጠጋኝ!»

«ደምህ እየፈሰሰ ነው፤ ልሰርልህ...»

አንድ እርምጃ ስራመድ በክርኑ ወደኋላ ተሳበ። ደሙ ፊን አለ። ቆምሁ።

«ምን አደረግሁህ?» አልሁት።

«ቅድም መጣህ» አለ እያቃሰተ። «'ካዝናችሁ ቆሽሿል፤ ሁላችሁም ፍቱና ጥረጉ' አልኸን። 'ግማሻችን እንጠብቅ' ብንል፣ 'ግዴለም፣ እኔ እጠብቅላችኋለሁ' አልህ። አንተ ብለኸኝ እንቢ ልበል? ፈታሁ...»

«ታምሬ፣ እኔ አይደለሁም! በእናታችን!»

«ሁላችንም ሞላውን እስክንመዝ ቆመህ ጠበቅህ። ከዚያ ዳርቻው ላይ ወጣህ። እጅህን አውለበለብህ።»

«ለማን?»

«ለወታደሮቹ።»

ሰሊጥ ዘይቱን የቀባሁት እኔ ነኝ። የቀረውን ማን እንዳደረገው አላውቅም። ተንበረከክሁ። መቀነቴን ወረወርሁለት፤ እራስህ እሰረው ብዬ ለመንሁት። እንደ እባብ ሸሸው። ስጠጋው ይሸሻል፤ ሲሸሽ ይደማል። ስለዚህ መጠጋቱን ተውሁ። አሥር እርምጃ ርቄ፣ ማዳን የምችለው ወንድሜ ደሙ ፈስሶ ሲያልቅ ተቀምጬ አየሁ።

አለቀስሁ። እንደ ሴት፣ እንደ ሕፃን፣ እንደፈለጋችሁ በሉት።

ከንፈሩ ነጣ። ዓይኑ መዞር ጀመረ።

ከዚያ በትከሻዬ ላይ አሻግሮ ከኋላዬ የሆነ ነገር አየ...

ፊቱ ፈካ።

«ወንድም ጋሼ...» አለ። «መጣህልኝ?»

እኔን ሳይሆን ከኋላዬ ያለውን ነው።

መዞር አቃተኝ። አንገቴ እንቢ አለኝ። ኮቴ የለም። ትንፋሽ የለም። ነፋስ እንኳ በጎኔ አላለፈም።

ታምሬ ሁለት እጆቹን ዘረጋ። ሰው አንገት ላይ እንደሚጠመጠም ባዶ አየር ላይ ተጠመጠመ።

ከዚያ ጀርባው ከአሸዋው ተነሣ። አንድ ክንድ ከፍ... ሁለት ክንድ ከፍ... የተመታው እግሩ ተንጠልጥሎ ደም እያንጠባጠበ።

«ታምሬ! ኧረ ታምሬ! እኔ ነኝ ወንድምህ!»

አልሰማኝም። ከኾሩ ዳር ያለው ያልታጨደ ማሽላ ለሁለት ተከፈለለት። ወንድሜ ዓይኑን ጨፍኖ፣ ጭንቅላቱን ማንም በሌለበት ትከሻ ላይ ጣል አድርጎ፣ እየፈገገ ወደ ውስጥ ገባ።